ርብ ዳር በረትን ያየሁበት ንጋት

ሐሙስ፣ ንጋት 11 ሰዓት፣ ባሕር ዳር

መናኸሪያው ገና አልነቃም፤ ረዳቶቹ ግን ነቅተዋል። «ወረታ! አንድ ሰው የቀረው!» ይላል አንዱ። ገብቼ ስቆጥር የቀረው ስምንት ሰው ነው። የምሄደው ርብ ወንዝ ዳር ገበሬ ቤት ያስቀመጥኩትን ዐሥራ ስምንት ኩንታል ሩዝ ላወጣ ነው። በሐምሌ ርብ ዳር እህል ማቆየት ለድመት ሥጋ አደራ መስጠት ነው። ዋጋ ይጨምር ብዬ ነበር። ዋጋውም ጨመረ፣ ዝናቡም ጨመረ።

2 ሰዓት፣ ወረታ

መገንጠያው ላይ ባጃጅ፣ ጭቃ፣ የሩዝ መፈልፈያ ጩኸት። ፉል ስበላ አንድ የማውቀው የፊዚክስ አስተማሪ አጠገቤ ተቀመጠ።

«ርብ ዳር ታድራለህ? እንግዲያው በረትን እይልኝ።»

በረት የከዋክብት ክምችት ነው። ዐሥራ አንድ ኮከብ እንደ ከብት በረት ክብ ሠርቶ ይቆማል፤ በሩ ላይ አንዲት ደብዛዛ ኮከብ አለች፤ በረኛዋ ይሏታል። በሐምሌ ንጋት በረኛዋ ከጠፋች የሜዳው ሰው ቤተሰቡንና ከብቱን ይዞ ወደ ደጋማው ይወጣል።

«ተረት ነዋ» አልኩት።

«ተረት አይደለም። ላይኛው አየር እርጥበት ሲጠግብ መጀመሪያ የምትጠፋው ደካማዋ ናት። ያን ጊዜ ደጋው ላይ ዘንቧል። ውሃው ግን በእግሩ ነው የሚመጣ፤ ይዘገያል። ከዋክብቱ ደግሞ ከአንድ ደመና የተወለዱ ወንድማማች ናቸው። ኮከብ እንዴት እንደሚወለድ ለሚያጠና ሰው ትልቅ መጽሐፍ ነው። ገበሬው ያነበበውን እኛ ገና አልገለጥነውም።»

ሂሳቡን እኔ ከፈልኩ። ዕውቀት በነፃ አይገኝም።

8 ሰዓት፣ ርብ ዳር

የተከራየሁት ሞተር ብስክሌት ዋልካው ጭቃ ላይ ሲሰምጥ ወርጄ በእግሬ ገባሁ። አንዲት ቦይ ዘልዬ ተሻገርኩ። ርብ ቡና መስሎ ይጋልባል፤ አንድ ሙሉ ዛፍ ከነሥሩ ይዞ አለፈ።

የቤቱ ባለቤት አያ ታከለ ናቸው፤ ዓይናቸው ከደከመ ሰነበተ። ሚስታቸው እትየ ጥሩ። ልጃቸው ሰሊጥ ሊያርም መተማ ወርዷል። የልጃቸው ሚስት የሺ ወሯ ገብቷል፤ ስትነሣ ግድግዳ ትይዛለች። ሩዜ ቆጥ ላይ ደረቅ ነው። ነገ ስድስት ጎረምሳና ስምንት አህያ አስፋልት ድረስ ሊያወጡልኝ ተስማማን።

አያ ታከለ ግን ሌላ ነገር አነሡ። በረትን ሁለት ዓይን ነው የሚያየው፤ አንዱ የቤቱ፣ ሌላው ከሌላ ቤት። እንዳይጠቋቆሙ ሁለቱም ሳይነጋገሩ ያዩትን በሩዝ ፍሬ ሰፌድ ላይ ይደረድራሉ። ሁለቱ ካልተስማሙ አንድ ቀን ይጠበቃል።

«ነገ ከቤቱ ጥሩ ታያለች፤ ሁለተኛው አንተ ነህ» አሉኝ።

«አያ፣ ጎረቤቱ ሁሉ እያለ?»

«ላም ያለው ሰው ፈርቶ ነው የሚያይ። አንተ ላም የለህም።»

አርብ፣ ንጋት 11 ሰዓት

ደመናው ተከፍሏል። ዐሥራ አንዱን ቆጠርኩ። በሩ ላይ ምንም የለም። ዓይኔን አሸሁ። ስፈልጋት ብልጭ የምትል ይመስለኛል፤ ዝም ብዬ ሳይ የለችም። ይህን ከሚዛን አውቀዋለሁ፤ ወዴት እንዲያዘነብል ስመኝ ነው ዓይኔን የማላምነው።

ሰፌዱ ላይ ዐሥራ አንድ ፍሬ ደረደርኩ። ዐሥራ ሁለተኛዋ በጣቶቼ መሃል ናት። ባስቀምጣት አንድ ቀን ይጠበቃል፤ አህዮቹ የኔን ሩዝ ያወጣሉ። ካላስቀመጥኳት አህዮቹ ለሰው ይሆናሉ። የርብ ድምፅ ከማታው ወፍሯል። ከቤት ውስጥ የሺ «እማ፣ ውሃ አቀብይኝ» አለች።

ፍሬዋን አላስቀመጥኳትም።

አያ ታከለ የኔን ሰፌድ መጀመሪያ ሳቡ። ጣታቸው ፍሬዎቹን እየዳሰሰ ዞሮ በሩ ላይ ቆመ። የእትየ ጥሩንም ዳሰሱ፤ እዚያው ቆመ።

«ምነው የኔን አስቀደሙ?»

«ላም የለህም እንጂ ሩዝ አለህ። ሩዝ ያለው ሰው ጠፋች ካለ ጠፍታለች።» ወደ ጎረምሶቹ ዞሩ። «ቃሬዛ አምጡ!»

3 ሰዓት፣ መንገድ ላይ

የቃሬዛው አንዱ ጫፍ ትከሻዬ ላይ ነው። አህዮቹ ልጅና አሮጊት ጭነዋል፤ ላሞቹ ይከተላሉ።

«አንተ ነጋዴ፣ እንደ ኩንታል አታዘንብለኝ!» አለች የሺ።

«ኩንታል ዝም ይላል።»

ሳቀች፤ ሳቁ ግማሽ ላይ ወደ ማቃሰት ዞረ። ትናንት የዘለልኳት ቦይ ጉልበቴን ነካች። መሃሏ ላይ ጭኔን። እግሬ ሲንሸራተት የፊተኛው ጎረምሳ «እመብርሃን» አለ። የመጨረሻዋ ጥጃ ዋኝታ ነው የተሻገረች።

ቅዳሜ ጠዋት፣ ወረታ

ሜዳው ጣና ሆኗል። ከፍታው ላይ ካለው ጤና ጣቢያ ደጅ ሰው ሁሉ ቆሞ ቤቱን ይፈልጋል። አያ ታከለ በትራቸውን ተደግፈው አጠገቤ ቆመዋል።

«ጣራው ይታያል?»

«ይታያል፣ አያ።»

«ግድግዳውስ?»

«ውሃ ውስጥ ነው።» ስለ ሩዙ እሳቸውም አልጠየቁ፣ እኔም አላነሣሁ።

«የሺስ?»

«ጤና ጣቢያው ውስጥ ናት። ድምጿ ይሰማል፤ አዋላጇ አብራት አለች።»

«እንግዲያው ወዲህ ዙርና ተቀመጥ» አሉኝ።

ጀርባችንን ለውሃው ሰጥተን፣ የጤና ጣቢያውን በር እያየን ተቀመጥን።