የፔሪና የእርሳስ ነጥቦች

ቪንካ ባርባሪች ወደ ባሕር ዳርቻዋ ከተማ ወደ ስፕሊት የተመለሰችው በስልሳ አንድ ዓመቷ ነው። ስድስት ዓመት ሙሉ ዋና ከተማዋ ዛግሬብ ተቀምጣ፣ በየቀኑ በሚተላለፍ የቴሌቪዥን ድራማ ላይ ክፉ አማት ሆና ሠርታለች። ከዚያ በፊት ሠላሳ ሁለት ዓመት በስፕሊት ቴአትር መድረክ ላይ ንግሥትም ገረድም ሆናለች፤ አንድ ፊልም ላይም መርከብ ላይ የምታለቅስ መበለት ነበረች። ገበያ ስትወጣ ግን ሰው የሚያውቃት በአማትነቷ ነው። ጎመን ሻጯ ሚዛኑን እንደያዘች «ያቺን ምራትሽን አሁንስ ተያት፤ እግዜርም አይወደው» ትላታለች። ቪንካ «አንቺ ጋ ብትኖር መቼ ትችያት ነበር» ብላ ትመልሳለች፤ ሰልፈኛው ይስቃል። እሷም ትስቃለች፤ ሳቋ ግን ከአንገት በላይ ነው።

ቃል አልያዝ ብሏታል።

ዛግሬብ ውስጥ በቀን ሠላሳ ገጽ ይቀረጻል። ያን ሁሉ የሚሸመድድ ስለሌለ ተዋናዩ ሁሉ ጆሮው ውስጥ ሚጢጢ ማዳመጫ ይከታል፤ ትንኝ ይሏታል። አንዲት ልጅ ከሌላ ክፍል ታነባለች፣ ተዋናዩ እየሰማ ይናገራል። ቪንካ በመጀመሪያው ሳምንት አፍራ ነበር። በሁለተኛው ዓመት ጽሑፉን ቤቷ ይዛ መሄድም ተወች።

አሁን የስፕሊቱ ቴአትር በአዲስ ተውኔት የዋናዋን ሴት ሚና ሰጥቷታል፤ ቤቷን አልሸጥም የምትል አሮጊት ናት። ቪንካ እንደ ድሮዋ ጠዋት ጠዋት የማርያንን ኮረብታ ደረጃ እየወጣች ማጥናት ጀመረች። እታች ሆና የያዘችው ገጽ እላይ ስትደርስ የለም። ሦስቴ ወጥታ ሦስቴ ባዶዋን ወረደች። አንድ ቀን ጥዱ ሥር ቁጭ ብላ እናቷን አሰበች። እናቷን መርሳቱ በስልሳ ሁለት ዓመቷ ነው የጀመራት፤ መጀመሪያ የዕቃ ስም ጠፋባት፣ መጨረሻ ላይ ቪንካን «አንቺ ነርስ» ትላት ነበር።

ቴአትር ቤቱ ደግሞ ቪንካ ካልቻለች የምትተካ ተለዋጭ ለዋናው ሚና መድቧል። አንቴያ ትባላለች፤ ገና ሠላሳ አራት ዓመቷ ነው፤ ለአሮጊትነት ሜካፕ ይበቃታል ተብሏል። ጽሑፉን በሁለት ሳምንት በቃሏ ጨርሳ ልምምድ ላይ ሦስተኛው ረድፍ ትቀመጣለች። ከንፈሯ ከቪንካ ቀድሞ ይንቀሳቀሳል።

ቪንካ ጉዷን የነገረችው ለፔሪና ብቻ ነው። ፔሪና አርባ ዓመት ከግራው መጋረጃ ጀርባ በርጩማ ላይ ተቀምጣ፣ ጽሑፉን ጭኗ ላይ ዘርግታ፣ ቃል ለጠፋበት ተዋናይ የመጀመሪያዋን ቃል ስታቀብል የኖረች ናት። ያቀበለችበት ቦታ ሁሉ ላይ በእርሳስ ነጥብ ታደርጋለች። ቪንካ ከዛግሬብ ያመጣቻትን ትንኝ ከማይክሮፎኗ ጋር ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠችላት።

ፔሪና እንደ ሞተ ዝንብ በእርሳሷ ጫፍ ገለበጠቻት። «ሠላሳ ሁለት ዓመት ባቀብልሽ ዛሬ ሬዲዮ ልታደርጊኝ ነው?»

«የመክፈቻው ዕለት ብቻ።»

«ሁሉንም እያነበብኩልሽ ነጥቡን የት ላይ ላድርግ?»

«እናቴን በስልሳ ሁለት ነው የጀመራት» አለች ቪንካ።

ፔሪና ትንኟን አንስታ፣ ባትሪዋ የት እንደሚገባ ጠየቀች።

የመክፈቻው ዕለት ከባሕሩ የደቡብ ነፋስ ይነፍስ ነበር፤ ግድግዳው ሁሉ ያልበዋል። አንቴያ መልበሻ ክፍል ገብታ ገድ እንዲቀናት እንደ ደንቡ በትከሻዋ ላይ ሦስቴ እንትፍ እንትፍ አለችላት። «አክስቴ ቪንካ፣ ካልተመቸዎት ይንገሩኝ፤ እኔ ዝግጁ ነኝ» አለች። ቪንካ ደግነት ይሁን ተንኮል ለመለየት ፊቷን ስታይ አፏ «አመሰግናለሁ» አለ። እንትፍታ አይመሰገንም፤ ገድ ያበላሻል። ይህን የቴአትር ቤቱ በር ጠባቂ እንኳ ያውቃል። ቪንካ ረስታው ነው።

የመጀመሪያው ክፍል በሰላም አለፈ። የፔሪና ድምፅ ግራ ጆሮዋ ውስጥ ያነባል፣ እሷ ትናገራለች። ሁለተኛው ክፍል አጋማሽ ላይ፣ የቤቱ ገዢ የሽያጩን ወረቀት ጠረጴዛው ላይ ሲዘረጋ፣ ትንኟ ጭጭ አለች።

ቪንካ ጠበቀች። ገዢው እስክሪብቶ እንደዘረጋ ቆሟል። ከአዳራሹ አንድ ሰው ሳለ። ሦስተኛው ረድፍ ላይ የአንቴያ ከንፈር ሲንቀሳቀስ ታያት፤ ቃሉ ግን አይነበብም። ያ ባዶነት መጣ፤ የገዛ ስሟን ብትጠየቅ የምትመልስ አልመሰላትም። ፔሪና እኮ ከመጋረጃው ጀርባ እያቀበለቻት መሆን አለበት። ለምን አትሰማትም?

ጆሮዋ ተወትፏል። ወደ መጋረጃው የዞረውን ጆሮ የሞተችው ትንኝ ደፍናዋለች።

እጇን ቀስ አድርጋ አነሳች። ጉትቻ እንደምታወልቅ ሴት ትንኟን ከጆሮዋ አወጣችና ወረቀቱ ላይ አስቀመጠቻት። ያኔ ሰማች፤ የተሰነጠቀ የሹክሹክታ ድምፅ፦ «ይህን በር...»

«ይህን በር አባቴ ነው የሰቀለው» አለች ቪንካ። የቀረው እየተንገዳገደ መጣ።

አዘጋጁ እውነት ጉትቻ ያወለቀች መስሎት ነገሩን እጅግ ወደደው፤ በየትርዒቱ ይደገም አለ። ቪንካ በማግስቱ ጠዋት ወደ ፔሪና የሄደችው ግን ጽሑፉን ለማየት ነው። ነጥቦቹን በጣቷ ቆጠረች፤ ዘጠኝ። በድሮው ጊዜ ትልቅ በሚባለው ሚናዋ ላይ ሁለት ነበሩ።

«ይሄ እኮ የግማሽ ክፍል ብቻ ነው» አለች።

«ነው። አልዋሽሽም» አለች ፔሪና። «ስንፍና ከሆነ ይቀንሳል። ሌላው ከሆነ ይጨምራል። ትንኝ ግን ከእንግዲህ የለም፤ ባትሪውን ጥዬዋለሁ።»

ቪንካ በየማለዳው ደረጃውን ወጣች፤ ገጹ ካልያዘ አትወርድም። በሁለተኛው ትርዒት ከመጀመሪያው ገጽ እስከ መጨረሻው አሥራ አንድ ነጥብ ሆነ። በሦስተኛው ሰባት። በአራተኛው ሦስት፤ በማግስቱ ገበያ ላይ ከልቧ ሳቀች። በአምስተኛው አራት።

ሦስት የነበረው አራት ሆነ። ቪንካ አራተኛውን ነጥብ ቆሻሻ እንደሆነ ሁሉ በጥፍሯ ፋቀችው፤ አልለቀቀም። አንቴያ ዛሬም ሦስተኛው ረድፍ ላይ ነበረች።

«ለማክሰኞ የሐኪም ቀጠሮ ይዣለሁ» አለች ቪንካ በመጨረሻ። ከዚህ በፊት ሁለት ጊዜ ይዛ ሰርዛው ነበር።

ፔሪና ጽሑፉን ዘጋች። «አብሬሽ እሄዳለሁ። ከኋላሽ እቀመጣለሁ።»

«ይሁን።»

«ግን አንድ ነገር ልንገርሽ፤ ዛሬ ቀኑ ስንት ነው ብሎ ቢጠይቅሽ አላቀብልሽም።»

ቪንካ ልትስቅ አፏን ከፈተች። ከዚያ ዛሬ ቀኑ ስንት እንደሆነ በልቧ ፈለገች። እስክታገኘው ድረስ ፔሪና እርሳሷን እንደያዘች፣ ሳታቀብላት ጠበቀቻት።