ጋቢውን ያስወለቀው መጋዝ

ቆቦ ላይ በጠራራ ፀሐይ ጋቢ የለበሰ ሰው ካያችሁ ወይ ወባ ይዞታል ወይ አባቴ ነው። ባለፈው ዓመት ሙሉውን እንዲያ ከረመ። እስከ ዋጃ ያለው ሜዳ በሙቀት ሲርገበገብ፣ ፍየሎቹ እንኳ ጥላ ለጥላ ሲሄዱ፣ እሱ ከወርክሾፔ ደጅ ካለው የቁርቁራ ዛፍ ሥር እስከ አገጩ ተከናንቦ ይቀመጣል። አላፊ አግዳሚው መቼም ዝም ብሎ አያልፍም። በተለይ አንዱ ጎረቤታችን ሁልጊዜ፣ “አያ፣ ዛሬም አለቀቀዎትም እንዴ ወባው?” ይለዋል። “ምን ይለቀኛል፣ ወዶኛል!” ይላል አባቴ። ይሳሳቃሉ፣ ያልፋል።

ወባ አልነበረም። ቀኝ እጁ መንቀጥቀጥ ጀምሮ ነበር። ጋቢው የእጁ መደበቂያ ነው። እናቴ፣ ታናሽ እህቴና እኔ እናውቃለን፤ ማወቃችንን ግን አንነግረውም።

አባቴ አናጢ ነው፤ እኔም የሱን ሙያ የያዝሁ ሴት ልጁ ነኝ። በቤታችን ደግሞ አንድ ወግ አለ፦ ሴት ልጅ ስትዳር ይዛው የምትሄደውን የልብስ ሣጥን አባቴ በገዛ እጁ ይሠራል። የኔንም ሠርቷል። የታናሽ እህቴን ሣጥን ጎኖችና ወለል እጁ ደኅና ሳለ ጨርሶ ነበር፤ ክዳኑ ብቻ ሲቀር መንቀጥቀጡ መጣ። ክዳኑ መጋጠሚያ የሌለው፣ አንድ ወጥ የዋንዛ ጣውላ መሆን አለበት። ጣውላውን ከጎብዬ ገበያ ራሱ መርጦ አምጥቶታል። እንደዚያ የሰፋ ዋንዛ ዛሬ በመብራት ተፈልጎም አይገኝም።

እናም ጣውላው ግድግዳ ተደግፎ፣ ሣጥኑ ያለ ክዳን ጓዳ ውስጥ ቁጭ አለ። እናቴ ባዶ ነገር ስታይ አያስችላትምና ሽንኩርት ሞላችበት። “ሠርጌ እኮ ጥር ላይ ነው፤ ቀሚሶቼ ሁሉ ወጥ ወጥ ሊሸቱ ነው!” ትላለች እህቴ። እኔ ክዳኑን በግማሽ ቀን እጨርሰው ነበር። ግን እንዴት ብዬ? እኔ ከሠራሁት የእህት ስጦታ እንጂ የአባት ሣጥን አይሆንም። እሱም ይህን ስለሚያውቅ “ነገ እጀምረዋለሁ” ይላል። ነገ ደግሞ አያልቅበትም።

መጋዙን የገዛሁት በዚያው ሰሞን ነው። ገመድ የለውም፣ በባትሪ የሚሠራ ክብ መጋዝ ነው፤ ከነሐዲዱ ነው የሚመጣው። ሐዲዱን ከእርሳሱ መስመር ጋር አስተካክላችሁ ጣውላው ላይ ታጋድማላችሁ፣ ግራና ቀኝ ታስሩታላችሁ፣ መጋዙን ከላዩ ታስቀምጡና ወደ ታች ተጭናችሁ ወደፊት መንዳት ነው። ወዲያ ወዲህ ልበል ቢል ሐዲዱ አይፈቅድለትም። መብራት ሲጠፋ፣ ይኼ መቼም ቆቦ ላይ ወሬ አይደለም፣ የሰፈሩ ወርክሾፕ ሁሉ ጸጥ ሲል የኔ ብቻ ይዘፍናል። ከተማው ወዲያው ቀልድ አወጣለት፦ “ባቡሩ ሳይመጣ ሐዲዱ ቆቦ ገባ!” አባቴም አልማረኝም። “ሐዲድ የሚያስፈልገው መንገዱን ለማያውቅ ነው” አለኝ። ያም ሆኖ ከዚያን ቀን ወዲህ ወንበሩን ወደ በሩ አስጠግቶ፣ ፊቱን ወደ ውስጥ አዙሮ መቀመጥ ጀመረ።

ጥር ሊገባ ሲል እህቴ አለቀሰች። ቀልዷን ትታ የምሯን። “የአባቴን ሣጥን ሳልይዝ ከዚህ ቤት አልወጣም” አለች። አባቴ ሰማት። በማግሥቱ ጠዋት ከቁርቁራው ሥር ሆኖ፣ “ያን ጣውላ አጋድሚው። ልኩን እኔ እነግርሻለሁ፣ አንቺ ትቆርጫለሽ” አለኝ። የተሸነፈ ሰው ድምፅ ነበር።

እዚህ ላይ የሙያችንን አንድ ነገር ልንገራችሁ። አባቴና እኩዮቹ ልክ ሲናገሩ ሁልጊዜ የአንድ ጣት ስፋት ይጨምራሉ። የእጅ መጋዝ መንገድ ይስታል፣ ጠርዙም ኋላ በመላጊያ ይስተካከላል፤ ያቺ ጣት ለዚያ ናት። ሐዲድ ላይ የሚሄድ መጋዝ ግን ስለማይስት ትርፍ አይፈልግም። ስለዚህ አባቴ የነገረኝን ልክ ሰማሁ፣ በሆዴ ጣቷን ቀነስሁ፣ ሐዲዱን አሰርሁና ነዳሁት። ሰጋቱራው ቦነነ፣ ጣውላው ለሁለት ተለየ፣ ጠርዙ መላጊያ የነካው ይመስላል። እየተጀነንሁ ተሸክሜው ጓዳ ገባሁና ሣጥኑ ላይ ከደንሁት። በአንድ በኩል በቀረው ክፍተት ሽንኩርቱ ቁልጭ ብሎ ይታያል።

አንድ ጣት አጥሯል።

“አባ፣ ጣቷን አልጨመርህም እንዴ?” አልሁ ወጥቼ።

“ለምን እጨምራለሁ?” አለ ግራ ገብቶት። “ስንት ጊዜ ቁጭ ብዬ ሳየው ከረምሁ። መጋዝሽ አይስትም። ለማይስት ምን ትርፍ ያሻዋል ብዬ እቅጩን ነገርሁሽ።”

ስንት ወር ሲያሾፍበት የከረመውን መጋዝ ለካ በልቡ አምኖበታል። እኔ የሱን ልማድ አክብሬ ቀነስሁ፣ እሱ የኔን መጋዝ አክብሮ ሳይጨምር ቀረ፤ በመከባበር ጣውላ አበላሸን። ደስ አለኝ፤ አፈርሁም። ልስቅ ስል የእህቴን ፊት አየሁና ተውሁት።

አባቴ ሣጥኑን ወደ ወርክሾፑ አስወጣው፣ ሽንኩርቱን አስገለበጠ፣ ዙሪያውን እየተራመደ አየው። “አብሽሪ፣ አይዞሽ” አላት እህቴን። “ክዳኑ ካጠረ ሣጥኑም ይጠር። ሌላ ምን ይደረጋል!” ይህ ማለት የፊቱን፣ የኋላውንና የወለሉን ጣውላ ፈትቶ ከያንዳንዱ አንድ ጣት መቁረጥ ነው። እኔ መጋዙን ላነሣ ስል፣ “ተዪው” አለኝ። “እኔ የሠራሁትን እኔው እቆርጠዋለሁ።”

ደነገጥሁ። “እንግዲያው ጋቢውን አውልቅ፣ አባ” አልሁት። “የተንዘረፈፈ ልብስ ጥርሱ ከያዘው አደጋ ነው።” እውነቴን ነበር፤ ለመጋዙ ብዬ እንጂ ስለ እጁ አላሰብሁም። ከአፌ ከወጣ በኋላ ነው የገባኝ። በሩ ላይ ያ ጎረቤታችን ከሌሎች ጋር ቆሞ ያያል። አባቴ ወደ በሩ ዞር ብሎ አያቸው። ከዚያ ጋቢውን ቀስ ብሎ አወለቀና ግድግዳው ላይ ካለው ምስማር ሰቀለው። እጁ ሰው ፊት ወጣ። ይንቀጠቀጣል። የወባው ጎረቤት ዓይኑን መሬት ላይ ተከለ።

መጋዙን ሐዲዱ ላይ አስቀመጥሁለት። በሁለት እጁ ያዘው፤ መያዣው አብሮት ሲንቀጠቀጥ ይታየኛል። እኔ ከወዲያ ማዶ ጣውላውን ይዤ ቆሜያለሁ። ተጫነው፣ ጮኸ፣ ነዳው። እጁ እንዳሻው ቢሆን መጋዙ ከሐዲዱ ወጥቶ የት ይሄዳል? እስከ ጫፍ ደረሰ። አባቴ ጎንበስ ብሎ አንድ ዓይኑን ጨፈነና ጠርዙን አየው፤ በአውራ ጣቱም ዳሰሰው። ደግሞ ከወዲያ በኩል ዞሮ አየው።

“በይ፣ ቀጣዩን አምጪ እንጂ!” ብሎ ጮኸብኝ። “ባትሪው ሊያልቅ ነው!”

ሁሉንም ራሱ ቆረጠ። ምስማሩን ሲመታ ጣቱን ቀጠቀጠና ተራገመ፣ እንደገና መታ። ክዳኑ ሲገጠም ወረቀት የሚያስገባ ቀዳዳ አልነበረውም። ማታ እናቴ ልትጠራው መጥታ በሸሚዝ ብቻ፣ ሰጋቱራ በሰጋቱራ ሆኖ ስታገኘው፣ “ምነው፣ ወባው ለቀቀህ?” አለችው። “ለቀቀኝ” አላት። ጋቢውን እዚያው ምስማሩ ላይ ጥሎት ሄደ።

በሠርጉ ቀን ሚዜዎቹ ሣጥኑን ሊጭኑ ሲያነሡ፣ አንዱ ክዳኑን ከፈት ዘጋ አድርጎ፣ “ኧረ ይኼ የማን እጅ ነው?” ብሎ በድንኳኑ መሐል ጠየቀ። ሽማግሌው ሁሉ ጋቢውን አጣፍቶ ተቀምጧል፤ ጋቢ የሌለው አባቴ ብቻ ነበር። ቀኝ እጁን ከፍ አድርጎ አነሣ። እየተንቀጠቀጠ ነበር፤ እህቴ ከነቬሏ መጥታ እስክትስመው ድረስ አላወረደውም።