በወልደሰማያት ጭንቅላት ላይ የታየው ቀዳዳ

ሞተር ሳይኖረው ሄልሜት አድርጎ በጂንካ ጎዳና የሄደ የመጀመሪያው ሰው ወልደሰማያት ሳይሆን አይቀርም። ሞተሩን ሸጦታል። ሄልሜቱን ግን ራጅ ክፍል ሥራ ላይ ሆኖ፣ ምሳ ሲበላ፣ ጓሮ ከጎመኑ ላይ ዶሮ ሲያባርር እንኳ አያወልቀውም። ለጠየቀው ሁሉ «ብርድ መታኝ» ይላል፤ ያውም በየካቲት፣ ውሻው ሁሉ ጥላ ፍለጋ በሚንከራተትበት ወር።

«ብርዱ ጭንቅላትህን ብቻ ነው የመታህ?» አለችው ሚስቱ ጤናዬ።

«ከጆሮዬ በላይ ነው።»

«ከጆሮህ በላይ ያለውንማ ከተጋባን ጀምሮ ስጠረጥረው ነበር።»

ወልደሰማያት የሄልሜቱን ማሰሪያ አጠበቀ። አፉን ከከፈተ ምስጢሩ ይወጣል። ምስጢሩም ይህ ነው፦ የራስ ቅሉ ላይ፣ ከጆሮዎቹ ከፍ ብሎ፣ በግራም በቀኝም ጣት የሚያስገባ ቀዳዳ አለ። ቀዳዳውን ያየው እሱ ራሱ ነው። የታየበትን ምስል የሠራውም እሱ ራሱ ነው።

እዚህ እንዴት እንደደረሰ ለመናገር ትንሽ ወደ ኋላ መመለስ ያስፈልጋል። መንግሥት በተለወጠበት በሰማንያ ሦስት ወልደሰማያት አሥራ ሁለተኛን ጨርሶ ማትሪክ ተፈተነ። ትምህርት የማይገባው ልጅ አልነበረም። መምህሩ ጠይቆ ሌላው ሲያቅተው እሱ መልሱን አጎንብሶ ለገዛ ጉልበቱ ያንሾካሹክ ነበር። የፈተናው ዕለት ግን ፈታኙ «ጀምሩ» ሲል ሆዱ ጮኸ፣ የሚያውቀው ሁሉ ጥሎት ወጣ። ውጤቱ ሲመጣ አባቱ ወረቀቱን ገለበጡት፤ ከጀርባው ሌላ ቁጥር ይኖር እንደሆነ ብለው ነው።

ከዚያ ፎቶ ቤት ተቀጠረ። ፎቶ ቤቱ የነበረው በአውሮፕላን ማረፊያው ሜዳ ዳር፣ አውሮፕላን በማይመጣበት ቀን ላሞች በሚግጡበት በኩል ነው። ጨለማ ክፍል ገብቶ ፊልም ማጠብ ተማረ፤ ጨለማውንም ወደደው። ጨለማ ውስጥ ማንም አያይህም፣ ማንም አይፈትንህም። አንድ አመል ግን ተጣባው፦ ግራጫ አይወድም። ነጩ ነጭ፣ ጥቁሩ ጥቁር ሆኖ ካልወጣለት ወረቀቱን ቀዶ እንደገና ያጥባል። ደንበኛ መጥቶ «ግንባሬ ላይ የነበረው ጠባሳ የት ገባ?» ሲለው በኩራት ፈገግ ይል ነበር።

ሆስፒታሉ የራጅ ፊልም የሚያጥብለት ሰው ባጣ ጊዜ እሱን ወሰደው። ዓመታት አለፉ። ራጁ ወደ ኮምፒውተር ሲገባ ጨለማ ክፍሉ የመወልወያ ማስቀመጫ ሆነ፤ ወልደሰማያትም ከመወልወያዎቹ ጋር እንዳይደረደር ፈርቶ ኮምፒውተር ለመደ። ለጥቂት ወራት ሊረዳ የመጣ አንድ እንግዳ ሐኪም ሲሄድ በፍላሽ አንድ ፕሮግራም ትቶለት ሄደ፤ የወልደሰማያት ስም በሆስፒታሉ ግቢ መጠራት የጀመረውም በዚያ ፕሮግራም ነው።

ሆስፒታሉ ሲቲ ስካን ስላልነበረው በሽተኛው ሌላ ከተማ ሄዶ ይነሳና በሲዲ ይዞ ይመለሳል። ሲዲው ላይ ያለው አካል ሙሉ አይደለም። እንደ ዳቦ በስሱ ተቆራርጧል፤ እያንዳንዱ ቁራጭ ጠፍጣፋ ሥዕል ነው። ፕሮግራሙ ቁራጮቹን በየተራቸው ይደራርባል፤ ከመካከላቸው አጥንቱን ይለያል፤ ሙሉ አድርጎም ያቆመዋል። ከዚያ ወዲያ በማውስ እንደ ብርቱካን ማዞር ነው። ፕሮግራሙ የሚጠይቀው አንድ ነገር ብቻ ነው፦ አጥንት ብዬ የምይዘው ከምን ያህል ንጣት ጀምሮ ነው? ቁጥር ስጠኝ። ወልደሰማያት የፎቶ ቤት ሰው ነውና ከፍ ያለ ቁጥር ይሰጠዋል። ምስሉም ጥርት ያለ፣ የታጠበ ሆኖ ይወጣል። የቀዶ ሕክምናው ሐኪም ዶክተር ዕዝራ «ጋሽ ወልዴ እኮ አጥንት ያቆማል!» እያለ ላገኘው ሁሉ ያወራ ጀመር። እስከዚያ ያቆማቸው ግን ዳሌና ጉልበት፣ ወፍራም ወፍራሙ አጥንት ብቻ ነበር።

ከዚያ ወደቀ። ወደ አልዱባ ገበያ በሞተር ሲሄድ ፍየል ገባችበት። ሄልሜቱ ያን ጊዜም አብሮት ነበር፤ መሪው ላይ ተንጠልጥሎ። ሄልሜቱ ምንም አልሆነም። የወልደሰማያት ጭንቅላት ግን ስላበጠ ዶክተር ዕዝራ ለጥንቃቄ ሲቲ እንዲነሳ ላከው። ሪፖርቱ «የተሰበረ ነገር የለም» ብሎ መጣ።

ሌላ ሰው ቢሆን ፈጣሪውን አመስግኖ ይተኛ ነበር። ወልደሰማያት ሲዲውን ላፕቶፑ ውስጥ ከተተና የገዛ ጭንቅላቱን አቆመ። መጀመሪያ ያዘነው በአገጩ ነው፤ ከገመተው በላይ ትንሽ ሆኖ አገኘው። ቀጥሎ ቀዳዳውን አየ። አዞረው፤ በሌላው በኩልም አለ። የዓይኑ ጉድጓድ ወለል ደግሞ ወንፊት መስሏል።

«ሪፖርቱን የጻፈው ሰው ያየው ቁራጭ ቁራጩን ነው፤ ሙሉውን ያየሁት እኔ ነኝ» ብሎ አሰበ። በዕድሜው ለመጀመሪያ ጊዜ ከሌላ ሰው ይልቅ ራሱን አመነ፤ ያመነውም ጭንቅላቱ ቀዳዳ መሆኑን ነው። ለዶክተሩ ቢነግር ጭንቅላቱ ሊከፈት ነው። ለጤናዬ ቢነግር ሰፈሩ ሊሰማ ነው። ሄልሜቱን ከተሰቀለበት አውርዶ አጠለቀው።

ሥራ አስኪያጁ የጠሩት በዚያው ሰሞን ነበር።

«አቶ ወልደሰማያት፣ ሲቲ ማሽን ሊመጣልን ነው። አንድ ሰው አዲስ አበባ ሄዶ ይሠለጥናል። እርስዎን አስበናል።»

ይህንን ቃል ፊልም ሲያጥብ ከኖረበት ዘመን ጀምሮ ሲጠብቀው ነበር። ሄልሜቱ ውስጥ ላቡ ወረደ። የታየው ስልጠናው ሳይሆን መንገዱ ነው፦ የአውቶብሱ የኋላ ወንበር፣ ጉድጓዱ፣ በእያንዳንዱ ጉድጓድ አንጎሉ ወደ ቀዳዳው ሲንሸራተት።

«ለወጣት ይሰጥ» አለ። «ፈርዶሳ ትሂድ።»

ፈርዶሳ ራጅ ክፍል አብራው የምትሠራ፣ ፕሮግራሙንም እሱ ያስተማራት ልጅ ናት። ሥራ አስኪያጁ ልባቸው ተነካ። ነገሩ በስብሰባ ላይ ተነገረ፤ ተጨበጨበ። ወልደሰማያት አንገቱን ነቅንቆ አመሰገነ፤ ቀስ ብሎ፣ ውስጡ ያለውን እንዳያናውጥ።

ፈርዶሳ ልትሄድ አንድ ቀን ሲቀራት ኤርጎ የሚባል፣ አማርኛ ብዙም ያልለመደ የቱርሚ ሰው ሲዲ ይዞ መጣ። ላም ረግጣው መንጋጋው ተሰብሯል። ዶክተር ዕዝራ «ጋሽ ወልዴ፣ አቁምልኝ፤ እሱ ራሱም ስብራቱን ይየው» አለ። ኤርጎ መንጋጋው በፋሻ እንደታሰረ ከወልደሰማያት ጎን ተቀመጠ። የራስ ቅሉ ስክሪኑ ላይ ብቅ አለ።

«ይሄ እኔ ነኝ?» አለ ኤርጎ በጥርሱ መካከል።

«አዎ፣ አንተ ነህ።»

«ቱርሚ ፈረንጅ ፎቶ አነሳ፣ ይከፍላል። አንተ ቆዳ ውስጥ ገብተህ አነሳህ። ይሄ ውድ ነው።»

ወልደሰማያት እየሳቀ ስብራቱን ሊያሳየው ምስሉን አዞረ። ሳቁ አፉ ላይ ቀረ። ከጆሮ ከፍ ብሎ ቀዳዳ አለ። በሌላው በኩልም አለ። የኤርጎን ትከሻ ያዝ አደረገና ድምፁን ዝቅ አደረገ።

«ኤርጎ፣ አትደንግጥ እሺ? ጭንቅላትህ ላይ ቀዳዳ አለ።»

ኤርጎ ስክሪኑን አየ። ቀጥሎ ሄልሜቱን አየ።

«አንተም አለ?»

«እኔም አለኝ።»

«ዶክተር ዕዝራም አለ?»

ወልደሰማያት ወደ ጠረጴዛው ዞረ። መሳቢያውን ስቦ የቆዩ የጭንቅላት ሲዲዎችን አወጣ፤ ዶክተሩ ቁራጫቸውን አይቶ የተዋቸው፣ እሱ አቁሟቸው የማያውቅ ናቸው። የአልዱባዋን ሴትዮ አቆመ፦ ቀዳዳ። ከመኪና የወደቀውን ፖሊስ አቆመ፦ ቀዳዳ። ራስ ምታት የነበረባቸውን ቄስ አቆመ፦ ቀዳዳ፤ እንዲያውም ከሁሉም የሰፋ። በደቡብ ኦሞ ጭንቅላቱ የተደፈነ ሰው ጠፋ።

ያን ጊዜ ዓይኑ ቁጥሩ ላይ አረፈ። ትንሽ ዝቅ አደረገው፤ ቀዳዳው ጠበበ። ሌላ ትንሽ ዝቅ አደረገው፤ ተዘጋ። ነገሩ እንግዲህ ይኸው ነው፦ ከጆሮ በላይ ያለው አጥንት ስስ ነው፤ ስስ አጥንት ደግሞ በቁራጮቹ ላይ እንደ ወፍራሙ ነጭ ሆኖ አይወጣም፤ ግራጫ ነው። ግራጫውን ሁሉ አጥንት አይደለም ብሎ ያስጣለው የእሱ ቁጥር ነው። የራሱን ጭንቅላት መልሶ ከፈተ። እንደ እንቁላል ሙሉ ነው። አገጩ ብቻ አልተሻሻለም።

«ኤርጎ፣ ቀዳዳ የለህም።»

«አሁን ነበር።»

«ጠፋ።»

«ጎበዝ ዶክተር» አለ ኤርጎ ከልቡ።

ወልደሰማያት ሄልሜቱን አወለቀ። ንፋስ ጭንቅላቱን ሲነካው ሊዘፍን ምንም አልቀረው። ወዲያው ግን ስልጠናው ትዝ አለው። በአዳራሹ በኩል የወንበር ድምፅ ይሰማል፤ የፈርዶሳ ሽኝት ሊጀመር ነው። አሁን ካልተናገረ ነገ ጠዋት አውቶብሱ ይሄዳል።

ሲገባ ለስላሳው ተከፍቶ ሥራ አስኪያጁ እየተናገሩ ነበር። «ይህች ልጅ ዛሬ የምትሸኘው አንድ ሰው የራሱን ዕድል ስለሰጣት ነው» አሉ፤ ወደ እሱም ዞረው «እባክዎ፣ አንድ ቃል» አሉት። ወልደሰማያት ተነሳ። «ቦታዬን መልሱልኝ» ሊል ነበር ያሰበው። ሁሉም ያየዋል። ያለ ሄልሜት ራቁቱን የቆመ መሰለው።

«ፈርዶሳ» አለ። «ግራጫውን አትጣዪ።»

ተቀመጠ። ምን ማለት እንደሆነ የገባው አንድም ሰው አልነበረም፤ ትልቅ ነገር ሳይሆን አይቀርም ብለው ግን አጨበጨቡ። ሥራ አስኪያጁ በብዕራቸው ጻፉት።

ሽኝቱ ሲበተን ፈርዶሳ ግቢው ውስጥ ተከትላ ያዘችው።

«ጋሼ፣ ቁም እንጂ! ግራጫ ምንድን ነው?»

ነገራት። ፍየሏን፣ ሲዲውን፣ ቀዳዳውን፣ ቄሱን፣ ሁሉንም። እሷ መጀመሪያ አፏን በነጠላዋ ሸፈነች፤ ቆይታ ግድግዳ ተደግፋ ሆዷን ይዛ ሳቀች።

«ታዲያ እኛ እኮ ሄልሜቱን ስናይ አዲስ ሞተር ሊገዛ ነው ብለን… ወይኔ ጋሼ!» ዓይኗን ጠረገች። ከዚያ ሳቋ ቆመ። «ቆይ። ስለዚህ ቦታውን የሰጠኸኝ ወደህ አይደለም።»

ወልደሰማያት መሬት መሬት አየ።

«በል ና። ሥራ አስኪያጁ ሳይወጡ እንንገራቸው። ቦታው ያንተ ነው፣ ሻንጣዬን እፈታለሁ። እውነቴን ነው።»

እውነቷን ነበር። ወልደሰማያትም ቦታውን ፈልጎታል። አንድ እርምጃ ተራመደ። ሆዱ ጮኸ።

«ፈርዶሳ፣ መጨረሻ ላይ ፈተና አለው?»

«አለው እንጂ።»

«በወረቀት?»

«በወረቀትም፣ ማሽኑ ላይም። ለምን?»

ወልደሰማያት ቆመ። ቀዳዳው ተደፍኗል፤ አውቶብሱም ምንም አያደርገውም። እግሩ ግን አልሄድ አለው። ሥራ አስኪያጁ ፊት «ለወጣት ይሰጥ» ለማለት ያን ያህል የፈጠነበት ምክንያት አሁን ፍንትው ብሎ ታየው፤ ይህን ለማየት ደግሞ ፕሮግራም አላስፈለገውም።

«ቀዳዳው ባይኖር ሌላ ሰበብ እፈልግ ነበር» አለ። «ፈተና እፈራለሁ። ሃምሳ ዓመት አልፎኝ፣ ከልጆች ጋር ተቀምጬ… እፈራለሁ።»

«እኔስ? ከትናንት ጀምሮ እህል አልቀመስኩም።»

«እህ? አንቺም?»

«ሆዴን ብትሰማው!»

ወልደሰማያት ፊቱን ከሥራ አስኪያጁ ቢሮ አዞረ።

«አንቺ ፈርተሽም ሻንጣሽን አዘጋጅተሻል» አለ በመጨረሻ። «ሂጂ።»

«እሄዳለሁ። ግን እንዲሁ አትገላገልም። የተማርኩትን በየሳምንቱ በስልክ እልክልሃለሁ። ፈተናም እልካለሁ።»

«ፈተናውስ ይቅር።»

«እልካለሁ አልኩህ ጋሼ።»

ላከችም። የመጀመሪያው በመጣ ቀን ወልደሰማያት በረንዳው ላይ ተቀምጦ ስልኩን በሁለት እጁ ያዘ፤ ጥያቄዎቹንም አንድ በአንድ መለሰ። ጤናዬ ምስር እየለቀመች ከሩቅ ታየዋለች። የቀዳዳውን ነገር ከነገራት ወዲህ ጎረቤት በመጣ ቁጥር አዲስ አድርጋ ስለምታወራው ስሜቷ ጥሩ ነው። ስልኩ ጮኸ። ውጤቱ ነው።

«ስንት አመጣህ?»

«ስድስት።»

«ከስንት?»

«ከአሥር።»

«ታዲያ አለፍክ?»

«እንጃ» አለ ወልደሰማያት። «የማለፊያው ስንት እንደሆነ ለመጠየቅ ፈራሁ።»