«እንደገና!» የሚሉን እትዬ ሰናይት

እትዬ ሰናይት ባለፈው ማክሰኞ ማለዳ ሀዋሳ፣ ታቦር ተራራ ሥር ባለው ቤታቸው ዐርፈዋል። የምታውቋቸው ሁሉ ይህን ስትሰሙ ማዘናችሁ አይቀርም፤ አንድ ነገር ግን ልንገራችሁ፣ ትስቃላችሁ። እኛ ተማሪዎቻቸው አስከሬናቸውን ከበን እሪ ብለን ስናለቅስ ከጎረቤት አንድ ሰው እንኳ አልመጣም። ለቅሶ በተሰማበት ሁሉ ነጠላውን አዘቅዝቆ ከሚደርሰው ከሰፈራችን ሰው ይህ አይጠበቅም ነበር። ጥፋቱ የራሳቸው የእትዬ ሰናይት ነው፤ እንዴት እንደሆነ ላስረዳ።

እትዬ ሰናይት በወጣትነታቸው ለትምህርት አሜሪካ የሄዱት ወጣቱ ፀጉሩን አሳድጎ ጦርነት ይቁም እያለ አደባባይ በሚወጣበት ዘመን ነበር። እሳቸውም አፍሯቸውን አበጥረው ሰልፍ ወጡ። እዚያው አንድ የፊልም አዘጋጅ አያቸውና ሥራ ሰጣቸው። በመጀመሪያው ፊልም የታየው ጀርባቸው ብቻ ነው፤ ባዶ እግራቸውን በአስፋልት ላይ እየራቁ ሲሄዱ። ያ ጀርባ ሌላ ሥራ አመጣላቸው። ከዚያ በኋላ ፊልም ላይ ሞተር ብስክሌት ነድተዋል፣ ከፖሊስ ጋር ተሟግተዋል፣ የአዘጋጁንም አጥር በዚያው ሞተር ሰብረዋል። ስማቸው ተለቅ ብሎ መጻፍ ሲጀምር ቅጠል አገልድማ የምትጨፍር አፍሪካዊት ሆነው እንዲሠሩ ተጠየቁ። «እናቴ ፊት የማልሠራውን ካሜራ ፊት አልሠራም» ብለው ጥለው ወጡ። ከዚያ ወዲያ የሚጠራቸው እያነሰ ሄደ። ይህን ሲያወሩን አንድም ቀን ሲቆጩ አላየሁም።

መንግሥት ከተለወጠ በኋላ ሀዋሳ ገቡ። ጓሯቸው ውስጥ የቆርቆሮ ዳስ ሠርተው የሰፈሩን ወጣቶች ትወና ያስተምሩ ጀመር። ያንን የመጀመሪያ ፊልም በቪዲዮ ካሴት እያሳዩን «በፊቱማ ማንም ያለቅሳል፤ እስቲ ጀርባችሁ ያልቅስ» ይሉን ነበር። ስንሳሳት «እንደገና!» ነው። ስናሳምርም «እንደገና!» ነው፤ ምስጋናቸው እሱ ብቻ ነበር። ሲናገር የሚንተባተብ አንድ ልብስ ሰፊ ጓደኛ ነበረን፤ ረጅሙን ንግግር የሰጡት ለእሱ ነው። እኛ ስንቁነጠነጥ «ምን ያስቸኩላችኋል? ዝናብ አልያዘን» ብለው ቆመው ያዳምጡት ነበር። መንተባተቡ በስተኋላም አልተወውም፤ ግን ንግግሩን ፈርቶ አያውቅም።

አባቴ አቶ ላሊሶ የእድራችን ዳኛ፣ የቤተ ክርስቲያናችንም ሽማግሌ ነው። «የእኔ ልጅ መድረክ ላይ ወጥታ አስመሳይ አትሆንም» ብሎ ከልክሎኛል። እኔ ግን «የመዘምራን ልምምድ አለብኝ» እያልኩ በየቅዳሜው እትዬ ሰናይት ዘንድ እሄድ ነበር። ከትወና በቀር ሌላ የምፈልገው ነገር አልነበረም።

አንድ ቅዳሜ ከሰዓት አባቷ የሞተባት ልጅ ሆኜ ስለማመድ እትዬ ሰናይት «እንደገና!» እያሉ ድምፄ እስኪዘጋ አስለቀሱኝ። ጎረቤት ሰማ፣ ለእድሩም ተነገረ። ብዙም ሳይቆይ አባቴ ድንኳን ያሸከማቸውን ጎረምሶች አስከትሎ ገባ። እኔ «አባዬ! አባዬን!» እያልኩ ደረቴን ስመታ፣ አባቴ በቁሙ ፊቴ ቆሟል።

«መዘምራኑ ይሄ ነው?» አለኝ።

ትወናዬ በዚያች ደቂቃ ያከተመ መሰለኝ።

«አቶ ላሊሶ፣ እንኳን መጡ» አሉ እትዬ ሰናይት ከወንበራቸው ሳይነሱ። «ደመናው ከብዷል፣ ዳሱም ያፈሳል። ድንኳኑን እዚሁ ይትከሉልን።»

«ሰው ሳይሞት? ምነው ወይዘሮ ሰናይት፣ ያሟርታሉ እንዴ?»

«ሟርትስ ሳያዩ መፍረድ ነው። ይቀመጡና ይዩ፤ ካልወደዱት ልጅዎን ይዘው ይሂዱ።» ከዚያ ወደ እኔ ዞረው «እንደገና!» አሉ።

አለቀስኩ። አባቴን ማየት አፍሬ ጀርባዬን ሰጥቼው ነበር። ስጨርስ አባቴ «ሰውየው በምን ሞተ?» ሲል ጠየቀ። ድንኳኑም ተተከለ። ወደ ቤት ስንመለስ መንገድ ላይ «እኔ ስሞት እንዲሁ አልቅሺልኝ፤ እስከዚያው ግን መዋሸቱን ተይ» አለኝ። ከዚያ ቀን ጀምሮ በግልጽ እሄድ ነበር፤ እሱም እየመጣ ያይ ጀመር።

ሰፈሩም ከዚያ ቤት ለቅሶ ሲሰማ «ልምምድ ነው» ብሎ ሥራውን መቀጠል ለመደ። ማክሰኞም «ዛሬ ደግሞ በማለዳ ጀመሩት» ተባባሉ። የነቃው አባቴ ነው። ልምምድ ቅዳሜ እንጂ ማክሰኞ እንደማይሆን አስታውሶ ሮጦ መጣ፤ አያቸው። ከዚያ ከዘራውን ይዞ በየበሩ እያንኳኳ «የዛሬው ልምምድ አይደለም፤ ውጡ!» አለ። ክርስቲያኑም ሙስሊሙም ወጣ። ድንኳኑን አባቴ በገዛ እጁ ወጠረው።

እትዬ ሰናይት፣ ቀብርዎ ላይ የቻልኩትን ያህል አለቀስኩ። ትንፋሽ ሲያጥረኝ ቆም አልኩና በልማዴ ከኋላዬ ድምፅዎን ጠበቅሁ። «እንደገና» የሚለኝ ሰው አልነበረም። የሞትዎ ነገር የገባኝ ያን ጊዜ ነው፤ በጣም ናፍቀውኛል። ግን አይስጉ፣ ዳሱ አይዘጋም። ቅዳሜ ልጆቹ ይመጣሉ፤ አባቴም እንደ ወትሮው ከፊት ወንበር ይዞ ይቀመጣል። እርስዎ በዚያ አስፋልት ላይ ባዶ እግርዎን እየራቁ ነው፤ እኛም ጀርባዎን እያየን እንሰናበትዎታለን። በሰላም ይሂዱ፣ እትዬ። ከእንግዲህ «እንደገና!» የምለው እኔ ነኝ።