ጨው የገባበት ወጥ

በሆስፒታሉ ጓሮ አስታማሚዎች የሚያበስሉበት ማድ ቤት አለ። የጥጉ ምድጃ ባሏን የምታስታምም የአንዲት ሴትዮ ነው። እናቷን የምታስታምም አንዲት ወጣት አጠገቧ እየጣደች ስታያት ሰንብታለች። ሴትየዋ ሹራቧን ገልብጣ ለብሳለች፤ ቢነግሯትም «እሺ» ብላ ትተወዋለች። በወጡ ግን ቀልድ አታውቅም። ዶሮው ሲበስል የተፈጨ ለውዝ በሙቅ ውሃ በጥብጣ ትጨምርበታለች፤ ካሮቱንና ድንቹን ባሏ ሳይቸገር እንዲውጠው ድቅቅ አድርጋ ታሸዋለች። ጨው የሚባል አታስነካውም፤ ሐኪሙ ከልክሏል።

«ከዚህስ ጭቃ ይጣፍጣል ይለኛል» ብላ አንድ ቀን ስቃለች።

ዛሬ ስታማስል ቆየችና፣ «ጨው ይኖርሻል፣ እህቴ?» አለች።

ልጅቷ ደስ አላት። «እሰይ! ተሻለው ማለት ነው? ፈቀዱለት?»

«የፈለገውን ይብላ አሉኝ።»

ልጅቷ ክው አለች። ሴትየዋ ጨዉን ቆንጥራ ጨመረች፤ ቀመሰች፤ ደግማ ጨመረች።

«እስቲ ቅመሽልኝ፤ እኔ ምላሴ አልለይ አለኝ» ብላ ማንኪያውን ዘረጋችላት።

ልጅቷ ቀመሰች። ጨዉ ልክ ነበር። «ልክ ነው፤ ይጣፍጠዋል» ብላ ማንኪያውን መለሰችላት።