ለባንክ የወሰድኩት ቅቤ

«እማማ፣ እኔና ባሌ የቤት ብድር ልንፈርም ነው፤ ሃያ ዓመት ነው፤ በወር የሚቆረጠው ግን ትንሽ ነው» ስትዪኝ የሳቅኩት በአንቺ አይደለም። አያትሽም ልክ እንደዚሁ ነው ያለኝ። «በወር ትንሽ ነው።» አንድ ቃል አልቀየርሽም። በይ ቁጭ በይና ጻፊ፤ ከመፈረምሽ በፊት እንጨርሰዋለን።

ደርግ ከገባ አምስት ዓመት ቢሆነው ነው። አያትሽ ጂንካ ጤና ጣቢያ ድሬሰር ነበር፤ ቁስል ያጥባል፣ መርፌ ይወጋል። እኔ ቅዳሜ ገበያ ላይ ቡናና ጎደሬ እሸጣለሁ። የምንኖረው የቀበሌ ቤት ውስጥ ነው፤ ሁለት ክፍል፣ አራት ልጅ። ኪራዩ ርካሽ ነበር፤ እሱን አልዋሽም። ጣሪያው ግን አርጅቶ ስለነበር ዝናብ ሲመጣ ያለንን ድስት በሙሉ መሬት ላይ እንደረድራለን። አንድ ቀን እንግዳ መጣና ድስቶቹን አይቶ «ዛሬ ምን ድግስ አለ?» አለ። አያትሽ በዚያ ቀን ነው ቤት ካልሠራሁ ብሎ የተነሳው።

ቦታ ተሰጠን፤ ይኸው አሁን የተቀመጥንበት፣ ከአውሮፕላን ሜዳው ዳር። ለእንጨቱ፣ ለቆርቆሮውና ለሚስማሩ ባንክ ያበድራል ተባለ። ሦስት ሺህ ብር። ያኔ ሦስት ሺህ ብር በአንድ ላይ ያየ ሰው እኔ አላውቅም። በወር ሃያ ዘጠኝ ብር ከደመወዙ ይቆረጣል፤ አሥራ አምስት ዓመት።

«በወር ትንሽ ነው» አለ አያትሽ።

እኔም እንድፈርም ተጠራሁ። የባንኩ ጸሐፊ ከደጋ አገር የመጣ ቀጭን ወጣት ነው፤ ሸሚዙ እስከ አንገቱ ተቆልፏል፤ ላቡ ይወርዳል። ወረቀቱን አነበበልን። «ዋናው ሦስት ሺህ ብር ነው፤ ወለዱ በየወሩ ይታሰባል» አለ።

እኔ እኮ አማርኛ የተማርኩት ገበያ ላይ ነው። ቤታችን የምንናገረው አሪኛ ነበር። የዋጋ አማርኛ፣ የክርክር አማርኛ፣ የስድብ አማርኛ አሳምሬ አውቃለሁ። የቢሮ አማርኛ ግን አልደረሰኝም። «ወለድ» ሲል የሰማሁት መውለድን ነው። ገንዘቡ ይወልዳል አለ። እኔም ገባኝ አልኩ።

የገባኝ እንዲህ ነው። በኛ አገር ከብት የበዛለት ሰው ላሙን ለሌላ ሰው ይሰጣል። ተቀባዩ ያግዳል፣ ወተቱን ይጠጣል። የመጀመሪያው ጥጃ የባለቤቱ፣ ሁለተኛው የአጋጁ ነው፤ እንዲያ እያለ ይሄዳል። በዓመት አንዴ አጋጁ አንድ ቅል ቅቤ ይዞ ባለቤቱ ቤት ይሄድና «ላምህ ደህና ናት» ይለዋል። አባቴ ሁለት ላም ያገኘው እንደዚህ የሰው ከብት አግዶ ነው። ስለዚህ ባንኩ ሦስት ሺህ ብር የምታክል ላም ሰጠን፣ እኛ እናግዳለን፣ ከሚወለደው ግማሹ የኛ ነው ብዬ ያዝኩ። ያውም በየወሩ ትወልዳለች ተባለ። እንዲህ ያለች ላም የት ትገኛለች ብዬ አውራ ጣቴን ቀለም ነክሬ፣ ደስ ብሎኝ አተምኩ።

ቤቱ ተሠራ። ክረምቱ መጣና ቆርቆሮው ላይ ዝናቡ ሲንጫጫ ልጆቹ ፈርተው አልጋ ሥር ገቡ። እኔ ድስቶቼን ሰቅዬ ቁጭ ብዬ ሰማሁት። እስከ ዛሬ ያንን ድምፅ እወደዋለሁ።

ዓመት ሞላ። ስለ ጥጃዎቻችን ማንም ምንም አላለም። አያትሽን ጠየቅኩት።

«የኛ ድርሻ መቼ ነው የሚሰጠን?»

«የምን ድርሻ?»

«የወለዱ።»

«እየተቆረጠ ነው፤ አንቺ አታስቢ» አለና ጋዜጣውን ገለጠ። እኔ ደግሞ ድርሻችን እየተቆረጠልን፣ የሆነ ቦታ እየተቀመጠልን ነው አልኩ። እንግዲህ እሱም አልቆጠረም፣ እኔም አልገባኝም፤ አንድ ቤት ውስጥ እንዲህ ሆነን ነው የኖርነው።

ለማንኛውም ወጉን ላድርስ ብዬ ታች ቆላ ያሉት የበና ሰዎች የሚያመጡትን ጥሩ ቅቤ ገዛሁ፤ ትልቁን ቅል ሞላሁ፤ ነጠላዬን አጣፍቼ ባንክ ሄድኩ። ቅሉን ጸሐፊው ጠረጴዛ ላይ፣ ወረቀቱ መሃል አስቀመጥኩት። ቀኑ ሞቃት ነው፤ ቅቤው መቅለጥ ጀምሯል።

«እትዬ፣ ይኼ ምንድን ነው?»

«ቅቤ ነዋ።»

«የማን ነው?»

«የባለቤቱ ነው፤ ላሙን የሰጠን። ደህና ናት በልልኝ። ስድስቱን ጥጃ ደግሞ ልወስድ ነው የመጣሁት፤ አሥራ ሁለት ወር፣ አሥራ ሁለት ጥጃ፣ ግማሹ ስድስት ነው።»

ዞር ብሎ ከኋላው ያለውን ሰው አየ። ያ ሰው ራሱን ወረቀት ውስጥ ቀብሮ ትከሻው ይንቀጠቀጣል። ቀጭኑ ግን አልሳቀም። ትንሽ አሰበና «ላም ተቀብለው የሚያግዱ ሰው ነዎት እንዴ?» አለኝ። አባቴ ናቸው አልኩት። «የኔም አባት ናቸው» አለ። «እኛም አገር አለ።» ከዚያ ወንበሩን ወደ መስኮቱ አዞረልኝ። ውጭ የአውሮፕላን ሜዳው ሣር ላይ ከብት ይግጣል፤ አውሮፕላን በማይመጣበት ቀን ሜዳው የከብት ነው።

«እትዬ፣ ይቺ ላም ሌላ ዓይነት ናት» አለኝ። «ጥጃው ሁሉ የባንኩ ነው። አንድም የእናንተ የለም።»

«ሁለተኛውስ?»

«ሁለተኛውም።»

«ታዲያ እኛ ምናችን ነው?»

«እናንተ ቤት ሠርታችሁባታል። ላሚቱን ደግሞ ቀስ በቀስ እየመለሳችሁ ነው። ግን በየወሩ ከምታመጡት ሃያ ዘጠኝ ብር መጀመሪያ ጥጃው ይጠባል። የተረፈው ነው ለላሚቱ የሚቆጠረው።» መዝገቡን ከፈተና ጣቱን አስኬደ። ዓመቱን ሙሉ የከፈልነው ሦስት መቶ አርባ ስምንት ብር ነው። ከሦስት ሺሁ ላይ የቀነሰው መቶ አሥራ ሁለት ብር ብቻ። ሌላውን ጥጃው ጠባው።

ይኼን የነገረኝ ሰው ክፉ ቢሆን ኖሮ እጣላው ነበር። ደህና ልጅ ነው፤ ያነበበልንም ያንኑ ነበር፤ እኔ ነኝ ወደ ጥጃ የወሰድኩት።

«ጥጃው እንዲያንስ ምን ይደረጋል?» አልኩት።

«ላሚቱ ስታንስ ጥጃውም ያንሳል። ከሃያ ዘጠኙ በላይ የምታመጡት ሁሉ ጥጃው ሳይነካው በቀጥታ ከላሚቱ ይቀነሳል። ማመልከቻ ግን ይጻፍበት።»

ስወጣ ቅሉን መልሶ አስታቀፈኝ። «ይኼን ብቀበል ጉቦ በላ ይሉኛል» አለ። ቅቤውን ይዤ ስመለስ መንገድ ላይ ያየኝ ሁሉ «ባንክ ቅቤ ያበድራል እንዴ?» እያለ አላገጠብኝ።

እሑድ ከጸሎት ቤት መልስ አያትሽን በረንዳ ላይ አስቀመጥኩትና ቦሎቄ አመጣሁ። ማንበብ ባልችልም መቁጠር ማን ይከለክለኛል። አንድ ፍሬ አንድ ወር ነው አልኩት። መቶ ሰማንያ ፍሬ ደረደርኩ፤ አሥራ ሁለት እየሆነ አሥራ አምስት ረድፍ። ከዚያ ሦስት ሺህ ብሩን የሚመልሰውን ቆጠርኩለት፤ መቶ አራት ፍሬ እንኳን አይሞላም። ሰባ ስድስቱን ወደ ጎን ገፋሁት።

«ይኼስ?» አለ።

«ይኼ ጥጃው ነው። ሁለት ሺህ ሁለት መቶ ብር። አንድ ቤት ሠርተን ከአንድ ተኩል ቤት በላይ ልንከፍል ነው።»

«በወር ግን ትንሽ...»

«በወር ትንሽ ነው። ስንት ዓመትህ ነው?»

«አርባ አምስት።»

«ጡረታህ በስንት ነው?»

መልሱን እሱም ያውቀዋል፤ ሃምሳ አምስት። ፍሬዎቹን መልሼ ደረደርኩ፣ የከፈልነውን አንድ ረድፍ አነሳሁ፣ አሥር ረድፍ ቆጠርኩና ዱላ አጋደምኩ። ከዱላው ወዲያ አራት ረድፍ ቀረ፤ ደመወዝ የሌለበት አራት ዓመት። «ከጡረታዬ ይቆረጣላ» አለ፤ ድምፁ ግን ቀንሷል። የጡረታው ገንዘብ ምን ያህል እንደሚሆን ያውቃል። እኔ የፈራሁት ያንን ነው፤ ሽማግሌና አሮጊት ሆነን፣ ጨው መግዣ አጥተን፣ በሠራነው ቤት ውስጥ የቤቱ ካርታ ባንክ ተቀምጦ መኖርን።

እሱ ፍሬዎቹን እያየ ሲያስብ ዶሮዋ መጣችና የመጨረሻውን ረድፍ መልቀም ጀመረች። ሰባት ዋጠች።

«ተያት» አለኝ፤ «የሰባት ወር ዕዳ ከፈለችልን።»

ስንስቅ ልጆቹ መጥተው ምን ሆናችሁ አሉን። ሳቁ ሲያልቅ ግን ከየት እንጨምር አለ። ያጠራቀማት ገንዘብ ነበረችው፤ ለሬድዮ። ሬድዮዋን እኔ አልነካም፤ ሌላ አስቤያለሁ አልኩት።

ያሰብኩት ገለባ ነው። አሪ ላይ ቡና ሲፈለፈል ገለባውን ሰው ይጥለዋል ወይ በርካሽ ይሰጣል። ታች ቆላ ደግሞ በናና ሐመሮች የሚያፈሉት ገለባውን ነው፤ በትልቅ ቅል ቀድተው ይጠጡታል፤ እሱን ካላገኙ ቀናቸው ቀን አይደለም። እኔም በጆንያ እየሰበሰብኩ ማክሰኞ ማክሰኞ ጭነት መኪና ላይ ተቀምጬ ወደ አልዱባ ገበያ መውረድ ጀመርኩ። በገለባው ቅቤና ማር እለውጣለሁ፤ እሱን ጂንካ አምጥቼ እሸጣለሁ። አንዲት የበና ሴት ደንበኛዬ ነበረች፤ ቋንቋዬ ከቋንቋዋ ጋር እየተጋጨ በእጅ ነው የምንነጋገረው። «ይኼን ሁሉ ቅቤ ማን ይበላዋል?» አለችኝ አንዴ፣ በልጇ አስተርጓሚነት። ጥጃ አለብኝ፣ አይጠግብም አልኳት። ለጥጃ ቅቤ የምታበላ ሴት አለች ብላ ለገበያው ሁሉ ነገረችብኝ።

ጥሩ ወር ከሆነ ሃያ ብር ጨምሬ እወስዳለሁ፤ መኪና የተበላሸ ወር አሥር፤ ወንዝ የሞላ ወር ባዶ እጅ። ቡና የደረሰ ጊዜ ሃምሳም ወስጄ አውቃለሁ። አያትሽ በየጊዜው ማመልከቻ ይጽፋል። «ጉዳዩ፡ ተጨማሪ ክፍያ ስለማስገባት» ብሎ ይጀምርና ቀና ብሎ ያየኛል። «አንቺ ሴትዮ፣ እኔ ለበሽተኛ እንኳን ይኼን ያህል አልጻፍኩም» ይለኛል። ግን ጻፈ። አንድም ቀን ይቅር አላለም። ሬድዮውንም አልገዛም፤ እኔ ሳልነግረው ገንዘቡን ወስዶ ከላሚቱ ላይ አስቀንሶ መጣ። ያን ቀን ምሳውን በሁለት ሳህን ነው ያቀረብኩለት።

ስምንት ዓመት ሊሞላ ሲል ባንክ ጠራን። ቀጭኑ ልጅ አሁን ቀጭን አይደለም፤ አግብቶ ወልዶ ሆዱ ወጥቷል። መዝገቡን ገልጦ የመጨረሻዋን ብር ተቀበለ፤ የቤቱን ካርታ አወጣና አያትሽ እጅ ላይ አደረገው። ጥጃው በጠቅላላ የጠጣው አንድ ሺህ አንድ መቶ ብር ገደማ ነው አለን፤ ግማሹን አስቀርተንበታል። አያትሽ ካርታውን ሁለት ጊዜ አገላበጠና «ጡረታዬ ገና ሦስት ዓመት አለው» አለ፤ ለማንም አይደለም፣ ለራሱ።

እኔ ያኔ ከነጠላዬ ሥር ቅሉን አወጣሁና እዚያው ጠረጴዛ ላይ፣ ያንኑ ቦታ አስቀመጥኩት። ልጁ አየኝ።

«እትዬ፣ የማን ነው ደግሞ?»

«የባለላሟ ነው» አልኩት። «ላሟ አሁን የኔ ናት። ዕዳ የለብኝ፣ የምጠይቅህም የለኝ፤ ጉቦ ከየት ይመጣል? ለልጆችህ ውሰድላቸው።»

ከኋላው ያ ሰውዬ ዛሬም ትከሻው ይንቀጠቀጣል። ልጁ ግን ቅሉን ተነስቶ በሁለት እጁ ተቀበለኝ።

ሬድዮው የመጣው በሚቀጥለው ወር ነው፤ ታውቂዋለሽ፣ ያ ጓዳ ያለው፣ መጠምዘዣው የወደቀው።

አንቺ አትፈርሚ አልልም። እኛም ባንፈርም ኖሮ እዚህ ቤት አንቀመጥም ነበር። በይ አሁን እስክሪብቶውን አስቀምጪና ከጓዳ ቦሎቄ አምጪ። ሃያ ዓመት ሁለት መቶ አርባ ፍሬ ነው። ከዚያ በፊት ግን በሩን ዝጊ፤ ዶሮዋ እዚያ ናት።