ውሃ ያልነካው ዓሣ አጥማጅ

በፎገራ ሜዳ ላይ፣ ከጉማራ ድልድይ እስከ ርብ ድልድይ፣ እኔን የሚያክል ዓሣ አጥማጅ ተወልዶ አያውቅም። በአንድ ክረምት ብቻ ሁለት ሺህ የሚሆን ዓሣ አውጥቻለሁ። አንድ ቀን ከምሳ እስከ እራት መቶ ሃያ ያዝኩ ብል የሚያምነኝ አላገኝም፤ ግን ያዝኩ። ያውም ጫማዬ ሳይርስ፣ እጄም ዓሣ ዓሣ ሳይሸት።

ሳይርስ ስል የምሬን ነው። ዓሦቹ በሙሉ የነበሩት ወረታ ውስጥ በተከራየኋት አንዲት ክፍል፣ ጠረጴዛዬ ላይ፣ ተዛውሮ የሄደ ባልደረባዬ ትቶልኝ በሄደው አሮጌ ላፕቶፕ ውስጥ ነበር።

ወደ ወረታ የመጣሁት ከአዲስ አበባ ጂኦግራፊ ላስተምር ነው። ሁለት ዓመት ሠርቼ እመለሳለሁ ብዬ ነበር። ዝውውር በየዓመቱ እጠይቃለሁ፣ በየዓመቱ «በሚቀጥለው» ይሉኛል፤ በሰባተኛው ዓመት መጠየቁን ራሱ ረሳሁት። መምህሩም ገበሬውም «አንድ ለአምስት ተደራጁ» የሚባልበት ዘመን ነበር። እኔ አርባ ሁለት ዓመት እስኪሞላኝ አንድ ለዜሮ ተደራጅቼ ኖርኩ።

ዓሦቹ ያሉበት የኮምፒውተር ጨዋታ በፍላሽ ነው የመጣልኝ። ፈተና ላባዛ የሄድኩበት ፎቶ ኮፒ ቤት ባለቤቱ አዘነልኝ መሰለኝ፣ «ጋሼ፣ ክረምቱን የሚገፋልዎት ነገር ልስጥዎት» ብሎ ጫነልኝ። የእርሻ ጨዋታ ነው። ከተማ የሰለቸው አንድ ጎልማሳ ገጠር ይገባና ይቆፍራል፣ ይዘራል፣ ያጠጣል። ዙሪያውን በሩዝና በሽንኩርት በተከበበ ከተማ ውስጥ በሬን ዘግቼ የሐሰት ጎመን እተክል ጀመር። አከራዬ፣ ዕድሜያቸውን በሩዝ ንግድ የጨረሱ ሽማግሌ፣ አንድ ቀን ገብተው ከኋላዬ ቆሙና መነጽራቸውን አስተካክለው አዩት።

«ጥማዶቹ የታሉ?»

«በሬ የለውም። በመቆፈሪያ ነው።»

«እንግዲያ ይኸ ሰውዬ ድሃ ነው። ምን ዘራ?»

«ጎመን። በአራት ቀን ይደርሳል።»

«በአራት ቀን የሚደርስስ አረም ነው፣ ልጄ» ብለውኝ ሄዱ።

እኔን የበላኝ ግን ጎመኑ አይደለም። ጨዋታው ውስጥ ወንዝ አለ፤ ወንዙ ላይ ዓሣ ይጠመዳል። መንጠቆህን ስትጥልና ዓሣዋ ስትነክስ፣ እንደ ቴርሞሜትር ቀጭን የሆነ የቆመ ሳጥን ብቅ ይላል። ውስጡ ዓሣዋ ትወጣለች፣ ትወርዳለች። አንተ ያለችህ አንዲት አረንጓዴ መስመር ናት። የማውሱን ቁልፍ ስትጫን መስመሯ ወደ ላይ ትነሳለች፤ ስትለቅ ትወድቃለች። ሥራህ ከሳጥኑ ጎን ያለው መለኪያ እስኪሞላ ድረስ ዓሣዋን ከመስመሯ ሳታስወጣ መቆየት ነው። ሲያወሩት ቀላል ነው። የመጀመሪያውን ሳምንት ያወጣሁት አንድ አሮጌ ጫማና የውሃ ሣር ብቻ ነው። መስመሯ አናቱን ነክታ ትነጥራለች፣ ዓሣዋ ታመልጣለች፣ ስታመልጥም ትስቅብኛለች። ዓሣ ሲስቅ አይቻለሁ ብዬ መሐላ እገባለሁ። ሁለት ማውስ ከግድግዳ ጋር አጋጭቻለሁ።

ብልሃቱ የገባኝ ሐምሌ ላይ ነው። አጥብቀህ አትጫንም። ሕፃን ስታስገሳ ጀርባውን እንደምትመታው፣ መታ፣ ለቀቅ፣ መታ፣ ለቀቅ ነው። ዓሣዋንም ተከትለህ አትሮጥም፤ ልትሄድ ያሰበችበት ቦታ ቀድመህ ትጠብቃታለህ። ይኼን ካወቅሁ በኋላ የሚያመልጠኝ ጠፋ። ውጭው ጭቃ፣ ሰማዩ ጥቁር፣ ባልደረቦቼ ሁሉ ለክረምቱ ወደየአገራቸው ሄደዋል፤ እኔ ጣቴን እያንቀሳቀስኩ ወንዙን አራቆትኩት። የቀረኝ አንድ ብቻ ነበር፦ በጨዋታው ፀደይ፣ ያውም ዝናብ በሚዘንብበት ቀን ብቻ የሚመጣ ግዙፍ ዓሣ። ዓሣ አልለውም፣ ርኩስ መንፈስ ነው። መስመሯ ስትነሳ ይወርዳል፣ ስትወርድ ይነሳል። አርባ ጊዜ አምልጦኛል።

ሥጋና አጥንት ያለው ዓሣ የማየው አንዲት ሴት ጋ ነበር። መገንጠያው አጠገብ፣ የጭነት መኪኖቹ በሚቆሙበት፣ ዓሣ ጠብሳ ትሸጣለች። ሠላሳ አምስት ዓመት ገደማ ይሆናታል፤ በልጅነቷ ተድራ፣ ፈትታ የወጣች። አባቷ ከሜዳው ጫፍ ባለው ሐይቅ ዳር ይኖራሉ፣ በታንኳ እየወጡ ያጠምዳሉ፣ እሷ ትጠብሳለች። ቢላዋዋ ብልጭ ሲል የዓሣው ሆድ ዕቃ ወጥቶ፣ ድመቷ በልታው፣ አፏን ጠርጋ ተኝታለች። እጇ ያን ያህል ፈጣን ነው። የመምህራን ማረፊያ ክፍል ሰምቶ ሰምቶ የታከተውን ቀልዴን ሁሉ እሷ እንደ አዲስ ትስቅለት ነበር።

«መምህር፣ ዛሬስ ስንት ያዝክ?»

«ዘጠና።»

«እኔ አሥራ አንድ ጠበስኩ። ያንተን አምጣው እንጂ፣ ዘይቴ ጦሙን እያደረ ነው።»

አንድ ቀን ጠረጴዛዬን እየወለወለች፣ ቀና ሳትል፣ «እስከ መቼ ነው እዚህ ተቀምጠህ የምታስቀኝ?» አለችኝ። «ሽማግሌ ላክ። አባቴ ፊት ግን እንዳትቀልድ።» ያን ቀን ከመገንጠያው እስከ ቤቴ እግሬ መሬት አልነካም፤ ባጃጆቹ ያለፉት ከሥሬ ነው።

ሦስት ሽማግሌ ላክሁ፦ አከራዬን፣ አንድ ቄስና አንድ የሂሳብ መምህር። በእኛ ወግ ሽማግሌ የሚላከው ላግባ ባዩን አስውቦ እንዲያቀርብ ነው። ዕድሜውን ይቀንሱለታል፣ ዘሩን ያረዝሙለታል፣ የሚጠጣ ከሆነ አይጠጣም ይሉለታል። የእኔዎቹም ይኼን ሁሉ አሉ። የሆነውን በኋላ የሂሳብ መምህሩ ነው የነገረኝ። አባትየው ሰምተው ሰምተው ሲያበቁ፣ «መልካም። ከጠመኔ ሌላስ ምን ያውቃል?» ብለው ጠየቁ። ለዚህ ማንም አልተዘጋጀም። አከራዬ ተጨነቁ። ከግድግዳው ወዲያ ሆነው «ያዝኩት! ያዝኩት!» ስል ክረምቱን ሙሉ ሲሰሙኝ የከረሙ ሰው ናቸውና፣ «ዓሣ ያጠምዳል» አሉ።

ቄሱ፣ ስለ ላፕቶፑ ምንም የማያውቁት፣ ደስ ብሏቸው ራሳቸውን ነቀነቁ። የሂሳብ መምህሩን ሳል ያዘው።

«በየት በኩል ነው የሚያጠምድ?» አሉ አባትየው። «አርባ ዓመት ሐይቁ ላይ ስኖር አላየሁት።»

«ድምፁን አጥፍቶ ነው» አሉ አከራዬ።

«እንግዲያ በጳጉሜ ከኔ ጋር ታንኳ ላይ ይውጣ። ሰው ታንኳ ላይ ነው የሚታወቅ።»

ታንኳ ማለት የደንገል እሥር ነው። ውሃው ከሥርም ከመሐልም ይገባል፤ የሚገርመው አለመስጠሙ ነው። እኔ ደግሞ ዋና አልችልም። ሰውዬው ከፊት ቆመው በረጅም ዘንግ ይገፋሉ፤ እኔ ከኋላ፣ ቂጤ ውሃ ውስጥ፣ የማውቃቸውን ቅዱሳን ጠርቼ ጨርሼ የማላውቃቸውን ጀምሬአለሁ። ማታ የጣሉት መረብ ጋ ስንደርስ «ጎትት» አሉኝ። ጎተትኩ፤ ግን ጣቴ የለመደውን አደረገ። መታ፣ ለቀቅ፣ መታ፣ ለቀቅ።

«ምን እያደረግህ ነው?»

«እንዳይበጠስ ብዬ ነው።»

«መረብ ነው እኮ፣ መምህር። ላም መሰለህ እንዴ የምታልበው?»

መረቡ ሲወጣ እምቦጭ ብቻ ነበር። ያ አበባው የሚያምር አረም ያኔ የሐይቁን ዳር ሸፍኖት ነበር። ሰውዬው ሥሩን ከመረቡ አንድ በአንድ እየፈቱ ይጥሉታል፤ የጣሉት ዞሮ መጥቶ ታንኳውን ይከባል። ከጥዋት እስከ ቀትር ሦስት አምባዛ ወጣ። አንዱን ያዝ ብለው ሰጡኝ። በሕይወቴ በእጄ የነካሁት የመጀመሪያ ሕያው ዓሣ ነው። ጢሙ ክንዴን ሲነካኝ ጮህኩና ለቀቅሁት። ሁለት ቀረ።

ይስቃሉ ብዬ ጠበቅሁ። አልሳቁም። ዘንጋቸውን ተደግፈው ውሃው ወደነበረበት፣ አሁን አረንጓዴ ወደሆነው ሜዳ አዩ።

«ዓሣ አታውቅም» አሉኝ።

«አላውቅም፣ አባቴ።»

«ግድ የለም። እሱም እያለቀ ነው። ይኸን መረብ ለማን አወርሰዋለሁ? ለእምቦጩ?» ከመረቡ የቀረውን አንድ ሥር ፈትተው ጣሉ። «ልጄን መጀመሪያ የዳርኳት ለጎበዝ አጥማጅ ነበር። ከሱ የሚበልጥ አልነበረም። ታማ ስታስጠራው ግን አልመጣም። ሐይቅ ላይ ነበር። እኔ አሁን የምፈልግ ሲጠሩት የሚመጣ ሰው ነው። በመስከረም ሚካኤል ከሽማግሌዎችህ ጋር ና፤ ቃሌን እሰጥሃለሁ።»

«ሞቼም ቢሆን እመጣለሁ» አልኳቸው።

«ሞተህስ አትምጣ» አሉ፤ ያን ቀን ፈገግ ሲሉ ያየኋቸው ይኼኔ ብቻ ነው።

በእንቁጣጣሽ ዋዜማ የጠፋው መብራት ሳይመለስ ሚካኤል ደረሰ። ጥዋት ኮቴን ለብሼ፣ ጫማዬን ቀብቼ፣ አልጋዬ ጫፍ ላይ ተቀምጬ ሽማግሌዎቹን ስጠብቅ አምፖሉ ቦግ አለ። እስኪመጡ ብዬ ላፕቶፑን ከፈትኩት። ጨዋታው እንደተውኩት የፀደይ መጨረሻ ቀን ላይ ነበር። እየዘነበ። ያ ቀን ካለፈ ግዙፉ ዓሣ አንድ የጨዋታ ዓመት ሙሉ አይመጣም።

አከራዬ በሩን ቆረቆሩ። «መምህር፣ ባጃጁ ቆሟል።»

«ቅደሙ፣ ደረስኩ።»

«ምን? ሙሽራ ቅደሙ ይላል እንዴ?»

«አምስት ደቂቃ! በሌላ ባጃጅ እደርስባችኋለሁ።»

ሄዱ። ልብ በሉ፤ ጨዋታው ይቆማል። አንዲት ቁልፍ ተጭኜ ብሄድ ዝናቡ እዚያው ተሰቅሎ ይጠብቀኝ ነበር። ይኼን ያን ጊዜም አውቃለሁ። ነገር ግን እዚህ ጣቴ ሥራውን ያውቃል። እዚያ የሚጠብቁት ሲጠሩት የሚመጣ ሰውዬ ነው፤ እኔ ደግሞ ያን ሰውዬ አንድም ቀን አግኝቼው አላውቅም። አምስቱ ደቂቃ አንድ ሰዓት ሆነ፣ አንዱ ሰዓት ሦስት ሆነ፣ ዓሣው ስድስት ጊዜ አመለጠኝ። ስልኬ ጠራ። እሷ ናት፤ ድምፅዋን ዝቅ አድርጋለች።

«የት ደረስክ?»

«ኧረ ጉድ ሆንኩ! ርብ ሞልቶ መንገዱን ቆርጦታል። ባጃጅ አያልፍም፣ ሰው በደረቱ ነው የሚሻገረው። አንድ በሬ ሲወስድ በዓይኔ አየሁ።» በሬውን ለምን እንደጨመርኩት አላውቅም። ልማድ ነው።



«ሽማግሌዎቹ እኛ ቤት ተቀምጠዋል» አለች። «ጫማቸው ደረቅ ነው።»

«እነሱ ካለፉ በኋላ ነው የሞላው።»

«መምህር።»

«አቤት።»

«ይኸ ከኋላህ የሚሰማኝ ሙዚቃ ምንድን ነው?»

የጨዋታው ሙዚቃ ነበር፤ ደስ የሚል፣ ፉጨት ያለበት ነገር። እጄን ሰድጄ ድምፁን አጠፋሁት።

«አባቴ እስካሁን በር በሩን ያያል» አለችና ዘጋችው።

ሽማግሌዎቹ አመሻሽ ላይ ተመለሱ። አከራዬ ገብተው ኮቴን አዩ፣ ላፕቶፑን አዩ፣ ወንበር ስስብላቸውም አልተቀመጡም። «ልጄ፣ እኔ ስላንተ ብዙ ዋሽቻለሁ» አሉኝ። «ዕድሜህን ዋሸሁ፣ ሙያህን ዋሸሁ። ባዶ ወንበር እያሳየሁ ይኸው እዚህ አለ ልበል?» አባትየው ክፉ ቃል አልተናገሩም አሉ። አብልተው፣ አጠጥተው፣ በርብ ድልድይ በኩል ሸኝተዋቸዋል። ቃሉን ግን አልሰጡም።

እሷን ለማየት ድፍረት አላገኘሁም። ለወራት ወደ ትምህርት ቤት የምሄደው መገንጠያውን ዞሬ፣ በሽንኩርቱ ማሳ በኩል፣ ጭቃ እየረገጥኩ ነበር። በኋላ የሐሙሲት ሰው አግብታ ወደዚያ መሄዷን ሰማሁ፤ የጥብስ ቤቷ ቦታ ላይ የሞባይል ካርድ ይሸጥ ጀመር። እኔን ሌላ ሴት አልጠየቀችኝም፣ እኔም ሌላ ሽማግሌ አልላክሁም። አከራዬ ሰላምታዬን ይመልሱልኝ ነበር እንጂ ከኋላዬ ቆመው ሰብሌን ማየት ተዉ።

ለምን አላገባህም ለሚለኝ ሁሉ «ትዳሬን ርብ ወሰደው» እለዋለሁ። ጎርፉ በየዓመቱ ይጨምራል። ዛሬ ዛሬ አምስት በሬ፣ አንድ ባጃጅና ግማሽ ድልድይ ይወስዳል፤ ሰሚዎቼ ከንፈራቸውን ይመጥጣሉ።

ርብ ያን ቀን ከዳሩ አልወጣም። መንገዱ ደረቅ ነበር። ስልኩን ከዘጋችብኝ በኋላ እንኳ ባጃጅ ይዤ ብሄድ ሽማግሌዎቹ ሳይነሱ እደርስ ነበር። አልሄድኩም። ኮቴን እንደለበስኩ ወደ ወንበሬ ተመለስኩ፣ ከሰዓት በኋላም ዓሣውን ያዝኩት። ስይዘው ደስ አለኝ።